ሲኒውና ምርቃቱ፦ የይፋት ቡና በድርሰትና በመድረክ

በአገራችን የመድረክ ድርሰቶችና የሬዲዮ ድራማዎች ውስጥ ቡና ሳይፈላ የሚያልቅ ሥራ ጥቂት ነው። ባለታሪኮቹ ሊጣሉም ሆነ ሊታረቁ፣ ምስጢር ሊያወጡም ሆነ ሊደብቁ ሲያስፈልግ ደራሲው ረከቦት ያስቀርባል፤ ከሰል ያስነድዳል፤ ጎረቤት ያስጠራል። ከረከቦቱ አጠገብም ብዙ ጊዜ አንዲት ሴት ትቀመጣለች። ሻሿን ወደ ግንባሯ ዝቅ አድርጋ የተገለበጠውን ሲኒ ታነሣለች፤ ዓይኗን ታጠብባለች፤ መንገድ አየሁ፣ እንግዳ አየሁ፣ ዓይነ ጥላ አየሁ ትላለች። ተመልካቹም ይስቃል። ሴትዮዋ አታላይ፣ ጠያቂዋም ተላላ መሆኗን መጋረጃው ሳይገለጥ አስቀድሞ ያውቀዋልና።

ይህ ትዕይንት በተደጋገመ ቁጥር ሁለት ነገሮች ይጐዳሉ። አንደኛው ተውኔቱ ራሱ ነው፤ መጨረሻው ከመጀመሪያው የታወቀ ገፀ ባሕርይ ድርጊትን ወደፊት ሊገፋ አይችልምና። ሁለተኛውና የበለጠው ጉዳት የሚደርሰው ግን በቡናው ሥነ ቃል ላይ ነው። ሲኒ አንባቢዋን ለመዝለፍ የተነሣ ደራሲ ብዙውን ጊዜ በዙሪያዋ የተቀመጠውን ጉባኤ፣ የጉባኤውን ንግግርና የንግግሩን ግጥም አብሮ ይደፋዋል። በሲኒ ትንቢትና በቡና ምርቃት መካከል ያለው ልዩነት ሳይታይ ይቀራል። ይህ ልዩነት ጐልቶ ከሚታይባቸው የአገራችን ክፍሎች አንዱ የይፋት ቆላ ነው።

ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ በሚወስደው አውራ ጐዳና የጣርማበርን ዋሻ አልፎ፣ ደብረ ሲናንና አርማንያን ወደ ኋላ እየተወ የሚወርድ መንገደኛ፣ 225 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ ሸዋ ሮቢት ሲደርስ የደጋው ብርድ ከላዩ ይገፈፋል። የሚቀበለው የቆላ ሙቀት፣ የማሽላና የማሾ አዝመራ፣ በሮቢ ወንዝ ዳር የለማ የሽንኩርት ማሳ ነው። ወደ ሰሜን ጀውሃ፣ ሰንበቴ፣ አጣዬና ካራቆሬ ይከተላሉ። በምዕራብ ተረተሩ እንደ ግድግዳ ቆሟል፤ በምሥራቅ አገሩ እየተንደረደረ ወደ አፋር ሜዳ ይወርዳል። አማራው፣ ኦሮሞው፣ አርጎባውና አፋሩ በአንድ ገበያ ይውሉበታል። ገበሬው ዓይኑ ሁልጊዜ ወደ ተረተሩ ነው፤ ዝናቡም ጎርፉም ከዚያ ይወርዳሉና። በዚህ አገር ስለ ነገ መጠየቅ ሥራ የፈታ ሰው ጨዋታ አይደለም።

ይፋት በጽሑፍ ታሪክ ውስጥ ከቅጠል ጋር የተያያዘ ስም አለው። በ14ኛው ምዕተ ዓመት የዐፄ ዓምደ ጽዮንን ዘመቻ የሚተርከው ዜና መዋዕል፣ የይፋቱ ገዥ ሰብረዲን የንጉሡን መናገሻ ይዞ ጫት ሊተክልባት እንደፎከረ ይነግረናል። በዚያው ምዕተ ዓመት የኖረው የዐረብ ጸሐፊ አል ዑመሪ ደግሞ ሌላ ታሪክ አለው። ከዚህ አገር ሄዶ በየመኑ ንጉሥ ዘንድ ባለሟል የሆነ አንድ ሰው የጫት ተክል ከአገሩ እንዲመጣለት ይለምናል፤ ተክሉ መጥቶ ይጸድቃል። ንጉሡ ጥቅሙን ቢጠይቅ የምግብን፣ የመጠጥንና የሴትን ፍላጎት ይቀንሳል ተባለ። እርሱም ከእነዚህ ሌላ በዓለም ምን ደስታ አለና ብሎ ሳይቀምሰው ቀረ ይባላል። አንዱ ታሪክ ፉከራ ነው፤ ሌላው ቀልድ። በሁለቱም ግን ቅጠሉ የአገር ምልክት ሆኗል፤ አንዱ ምድርን የራሱ ማድረጉን በእርሱ ይገልጻል፤ ሌላው የተለየውን አገሩን በእርሱ ያስታውሳል። ቅጠል ከጥንት ጀምሮ ንግግርን ሲሸከም የኖረ ነገር መሆኑን ለመረዳት ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አያስፈልግም።

የሲኒውም ታሪክ ከዚህ ያላነሰ ነው። ቡና በሸዋ ክርስቲያኖች ዘንድ እስከ 19ኛው ምዕተ ዓመት ሁለተኛ አጋማሽ ድረስ የሙስሊም መጠጥ ተብሎ ሲራቅ ኖሯል። ዳግማዊ ምኒልክ ራሳቸው ጠጪ በመሆናቸው፣ አቡነ ማቴዎስም ክልከላው እንዲላላ በማድረጋቸው ነገሩ እየተለወጠ መጣ። እንግዲህ ዛሬ በአንድ ረከቦት ዙሪያ ሁለቱ ሃይማኖቶች መቀመጣቸው የታሪክ ውጤት እንጂ ከጥንት የነበረ ነገር አይደለም፤ ተሠርቶ የተገኘ ጉርብትና ነው። የቃሉ ታሪክ ደግሞ ከዚህ ራቅ ያደርሳል። ሲኒ የሚለው ስም የመጣው ከዐረብኛው «ሲኒይ» ሲሆን ትርጉሙ «የቻይና» ማለት ነው፤ ከዚያ አገር በባሕር ይመጣ የነበረው ስስ ሸክላ ስሙን ጥሎ አልፏል። በድሬዳዋ አጠገብ በሐርላ የተደረገው ቁፋሮ ከቻይና የመጣ የሸክላ ስባሪ ማስገኘቱ ይህን ንግድ በዓይን ያሳየ ነው። የይፋት እናት ሲኒዋን ስትደረድር ሳታውቀው የሩቅ ምሥራቅን ስም ትጠራለች።

ከዕቃው ወደ ሥርዓቱ ሲታለፍ፣ የይፋት ቡና ባለ ሦስት ገቢር ተውኔት ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። አቦል የሰላምታ ነው። ያደረው ይጠየቃል፤ የታመመው፣ የወለደችው፣ ገበያ የወረደው ይነሣል። በቶና ጉዳይ ይመጣል፤ የልጅ ትዳር፣ የብድር ገንዘብ፣ የተጣሉ ጎረቤቶች ነገር። በረካ የመጨረሻው ነው፤ ስሙም በዐረብኛ ሥሩ በረከት ማለት ነው። እንግዲህ የሦስተኛው ሲኒ ስም ራሱ የገቢሩን ፍሬ ነገር ይናገራል። ጥሬውን የምታጥበው፣ የምትቆላው፣ የምትወቅጠው፣ የምትቀዳው አንዲት ሴት ናት፤ የተውኔቱ አዘጋጅ እርሷ ናት። የሚመጣው ጎረቤት ግን ተመልካች ሆኖ አይቀመጥም። እያንዳንዱ በተራው ተናጋሪ፣ በተራው ተቀባይ ነው። እጣኑ፣ የቡናው ቁርስ፣ የሲኒው ተራ ሳይቀር ማን ማንን እንደሚያከብር ያመለክታሉ፤ ከታላቅ በፊት ለታናሽ የሚቀዳ የለም።

ከዚህ የዕለት ቡና ከፍ ያለው ወዳጃ ነው። በይፋትና በወሎ የታወቀው ይህ የጸሎት ጉባኤ ቡናን፣ ጫትንና እጣንን ከዱዓ ጋር ያጣምራል። ለአማርኛ ጆሮ ስሙ ወዳጅነትን ያሰማል። በጉባኤው የሚመርቁት ሽማግሌዎች ወይም ዱበርቲ የሚባሉት እናቶች ናቸው። የምርቃቱን ቅርፅ ቀረብ ብሎ ላዳመጠ ሰው የግጥሙ ሥራ በግልጽ ይታያል። ስንኙ አጭር ነው፤ አንድ ትንፋሽ ከሚይዘው አይበልጥም። ግሡ በአብዛኛው በመጨረሻ ላይ በምኞት መልክ ይቀመጣል፤ ይዝነብ፣ ይብቀል፣ ይመለስ፣ ይታረቅ እያለ ይወርዳል። ቤት የሚመታው በዚሁ ግሥ ላይ ስለሆነ የሰሚው ጆሮ የሚያርፈው በተመኘው ነገር ላይ ነው። ከእያንዳንዱ ስንኝ በኋላ ጉባኤው «አሚን» ይላል። ይህ «አሚን» ማሳረፊያ ብቻ አይደለም፤ የስንኙ ግማሽ አካል ነው። መራቂው ቢናገርና ተቀባይ ባይኖር ምርቃቱ አልተፈጸመም።

የምርቃቱ ይዘትም የራሱ ሥርዓት አለው። ከሰማይ ይጀምራል፤ ወደ ምድር፣ ከምድር ወደ ከብት፣ ከከብት ወደ ቤት፣ ከቤት ወደ ማሕፀን፣ ከማሕፀን በመንገድ ወዳለው ልጅ ይሄዳል። ዝናብ ሲለመን ለአንድ ሰው ማሳ ተለይቶ አይለመንም፤ ደመና ወሰን አያውቅምና። መራቂዋ የጎረቤቷን እርሻ ዘልላ ለራሷ ብቻ ብትለምን ግጥሙ ራሱ እምቢ ይላታል፤ «አሚን» የሚላት አታገኝምና። ከዚህ ላይ የሥነ ቃሉ ጥበብ ከሥነ ምግባሩ ጋር የተሰፋ መሆኑ ይታያል። ቅርፁ ይዘቱን ይጠብቀዋል።

አሁን ሲኒው ይገለበጥ። በብዙው የአገራችን ክፍል እንደሚደረገው ጠጪዋ ጥቂት አስቀርታ ሲኒውን ታዞራለች፤ በማስቀመጫው ላይ ትደፋዋለች፤ አተላው እስኪደርቅ ይጠበቃል። የጀበና ቡና ከሥሩ ስለሚረጋ ወደ ሲኒው የሚወርደው አተላ ትንሽ ነው። አንባቢዋ የምትሠራው በዚያች ትንሽ ነገር ነው፤ መስመሩ መንገድ፣ ክቡ ቀለበት፣ ጥቁሩ ክምር ሐዘን ይሆናል። የቀረውን የምታነበው ከጠያቂዋ ፊት ነው። ሲኒው ከመነሣቱ በፊት በአቦልና በቶና የተነገረውን ሁሉ ሰምታለች፤ ማን ልጁ ወደ ዐረብ አገር እንደሄደ፣ ማን ከባሏ እንዳልተስማማች ታውቃለች። ይህ ማጭበርበር ነው የሚል ይኖራል፤ ሌላው ደግሞ ማድመጥ ነው ይላል። ለሐያሲ የሚጠቅመው ግን ንግግሯ እንዴት እንደተሠራ ማየት ነው። ንግግሯ ምሳሌያዊ ነው፤ ስም አይጠራም፤ ጊዜ አይቆርጥም። ጠያቂዋ ራሷ ስሙን ታስገባበታለች፤ ቀኑን ትሞላበታለች። በዚህም ምክንያት በአደባባይ ሊነገር የማይቻል ነገር በሲኒው ሽፋን ይነገራል። ለባሏ «ልጄ ይናፍቀኛል» ማለት ያልቻለች እናት አተላው ላይ የታየውን መንገድ ተገን አድርጋ ታለቅሳለች።

እስከዚህ ድረስ ሲኒ ንባብ የግጥም ታናሽ እህት ናት። ጉዳቷን ግን መሸፈን አይገባም። ለታመመ ሕፃን ሲኒ ሲገለበጥ ወደ ጤና ጣቢያ የሚኬድበት ሰዓት ያልፋል። ጥሪት የሌላት ሴት የመጨረሻ ብሯን ትከፍላለች። ከሁሉም የሚከፋው አንባቢዋ ከምሳሌ ወጥታ ወደ ክስ የገባች ዕለት ነው፤ ላምሽን ያደረቀው ዓይን ከወንዝ ማዶ ነው፣ ቤትሽን የሚያይብሽ በግራሽ ያለው ነው ስትል። ያን ጊዜ ሲኒው ሰውን ከሰው ይለያል። ሼኹም ቄሱም የሚያወግዙት በየሃይማኖታቸው ሕግ ሲሆን፣ ማኅበራዊው ጉዳት ያለው ግን ከዚሁ ላይ ነው። ምርቃቱ «አሚን» ባይን ይሻል፤ ክሱ ግን የሚሻው አንድ ሰሚ ብቻ ነው። ሁለቱም በአንድ ረከቦት ዙሪያ፣ አንዳንዴም በአንዲት ሴት አፍ ይነገራሉ። ሥነ ጽሑፍ ሊለያቸው የሚገባውም ስለዚህ ነው።

የአማርኛ ልቦለድ ይህን አገር በሚገባ አይቶታል። ዳኛቸው ወርቁ በ1962 ዓ.ም. ያሳተመው «አደፍርስ» ታሪኩን የተከለው በዚሁ በደብረ ሲናና በአርማንያ አካባቢ ነው። የተማረው ወጣት አደፍርስ ከገጠሩ ሰዎች ጋር፣ ከባላባቷ ከወይዘሮ አሰጋሽ ጋር ሳይቀር ስለ ልማድ፣ ስለ እምነት፣ ስለ አኗኗር ይሟገታል። መጽሐፉ በአመዛኙ የተገነባው በንግግር ነው፤ ትልቁ ብርታቱም ይኸው ነው። ዳኛቸው የይፋትን ሰው አፉን አልዘጋበትም። ወጣቱ ትክክል ሲሆን እንኳ የሰዎቹ አባባል ከርሱ ይበልጥ ሥጋና ደም አለው፤ ደራሲው ለርሱ ሐሳብን፣ ለነርሱ ቋንቋን ሰጥቷል። የባለታሪኩ ስም ራሱ አስተያየት ነው። ሳይደፈርስ አይጠራም የሚለው ተረት የታወቀ ነውና፣ አደፍራሹ ለመጥራት አስፈላጊ ነው፤ ነገር ግን ያደፈረሰ ሰው እስኪረጋ መቆየት አለበት። አደፍርስ ይነቀንቃል እንጂ አይቆይም። ቡና አፍልታ የምታውቅ ሴት ሁሉ የምታውቀውን፣ ጀበናው ከእሳት ከወረደ በኋላ ያለውን ጸጥታ፣ እርሱ አልተማረውም።

ከ«አደፍርስ» በኋላ የመጡ ብዙ ተውኔቶች የወረሱት የዳኛቸውን ጆሮ ሳይሆን የአደፍርስን ክርክር ነው። ልማድን የሚቃወመው ወጣት በመድረኩ አንድ ጥግ፣ ሲኒ የምታነበው አሮጊት በሌላው ጥግ ይቆማሉ፤ ማን እንደሚያሸንፍ የተወሰነ ነው። ዳኛቸው ራሱ ግን በእንግሊዝኛ ጽፎ በ1973 እ.ኤ.አ. ባሳተመው «አሥራ ሦስተኛዋ ፀሐይ» ላይ ከዚህ ሌላ መንገድ ሄዷል። የታመሙት ፊታውራሪ ፈውስ ፍለጋ ወደ ዝቋላ ይወሰዳሉ፤ ልጆቻቸው አብረው ይሄዳሉ። እዚያ ደራሲው እምነቱን በክርክር አይረታውም። ሕመምተኛውን፣ ድካሙን፣ የልጆቹን ዝምታ እያሳየ ፍርዱን ለአንባቢ ይተወዋል። የከበደ ሚካኤል «የትንቢት ቀጠሮ» ከዚያ ቀደም ብሎ፣ ርዕሱ እንደሚናገረው፣ ትንቢትን የተውኔት ማጠንጠኛ አድርጎ ነበር። የጎደለው በእነዚህ በሁለቱ መካከል ያለው ነው፤ ትንቢትን እንደ ዕጣ ፈንታም ሆነ እንደ ማታለያ ሳይሆን፣ እንደ ተራ ሰው ንግግር የሚያቀርብ ሥራ።

ይህ ሊሠራ የሚችል መሆኑን ለማየት ሲኒው ስሙን ወዳገኘበት አገር መመልከት ይጠቅማል። በቻይና ገጠር ሻይ ከሁሉ አስቀድሞ ሥራ ነው። ለጋው ቅጠል ከፀደዩ የሙታን መታሰቢያ በዓል በፊት ተለቅሞ ሲገኝ ዋጋው ከፍ ያለ ስለሆነ፣ ለቃሚዎቹ፣ ብዙዎቹም ሴቶች፣ በየኮረብታው ይሠማራሉ። ሲለቅሙም ያዜማሉ። በጂያንግሺ ክፍለ አገር ከዚሁ የለቀማ ዜማ «የሻይ ለቀማ ተውኔት» የሚባል የዘፈን ቲያትር ተወለደ፤ ከማሳው ወደ መንደሩ አደባባይ፣ ከዚያም ወደ መድረክ ወጣ። በሻይ አተላ ነገን ማንበብን ብዙ ሰው ከቻይና ጋር ያያይዘዋል፤ በአመዛኙ ያስፋፉት ግን ሻይ በ17ኛው ምዕተ ዓመት ከገባላቸው በኋላ አውሮፓውያን ናቸው። የቻይና ገበሬ ነገን ሲጠይቅ ከሲኒው ይልቅ በቤተ መቅደስ ሁለት የጨረቃ ቅርፅ ያላቸውን እንጨቶች መጣል ይቀናዋል። ሩቅ ያለ ዓይን ከሲኒው ትንቢቱን ብቻ አየ፤ ላቡንና ዜማውን ሳያይ ቀረ። በአገራችን መድረክ በይፋት ቡና ላይ የደረሰውም ከዚህ ብዙ አይለይም፤ እዚህ ግን ሩቅ ሆኖ የተመለከተው የአገሩ ልጅ ነው።

የቻይናው ደራሲ ላኦ ሸ በ1957 እ.ኤ.አ. ያወጣው «ሻይ ቤት» የተባለ ተውኔት ደግሞ ለጠንቋይ ገፀ ባሕርይ ምን ዓይነት ቦታ እንደሚሰጥ ያስተምራል። ድርጊቱ በአንድ የፔኪንግ ሻይ ቤት ውስጥ ከ1898 እ.ኤ.አ. ተነሥቶ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ እስካለው ጊዜ ይደርሳል። ከደንበኞቹ አንዱ ፊት አይቶ ዕድል የሚናገር ሰው ነው፤ የኦፒየም ሱሰኛ ነው። ተመልካቹ ይስቅበታል። ነገር ግን በመካከሉ የሚያጨሰው ሲጋራ የእንግሊዝ፣ የሚወስደውም ነጭ ዱቄት የጃፓን መሆኑን ጠቅሶ ሁለት ታላላቅ መንግሥታት እርሱን ለማገልገል እንደተሰለፉ ሲፎክር፣ ሳቁ ከሰውዬው ላይ ተነሥቶ ወደ ዘመኑ ይዞራል። ላኦ ሸ ጠንቋዩን አላጸደቀውም፤ አልጠየፈውምም። ሰውዬው ከየት እንደመጣና ማን እንደሚያስፈልገው አሳየ። በአገራችን መድረክ ሲኒ አንባቢዋ ከየት እንደመጣች የሚጠይቅ ደራሲ ገና ይጠበቃል። ምናልባት ባሏ የሞተባት ናት፤ ምናልባት መሬት የላትም፤ ምናልባት በመንደሩ ውስጥ ሰው ቁጭ ብሎ የሚያደምጣት በዚህች ሰዓት ብቻ ነው።

ጉዳዩ የቅርፅ ብቻ ሆኖ የሚታየው ካለ የቅርብ ዓመታቱን ያስታውስ። በመጋቢትና በሚያዝያ 2013 ዓ.ም. በአጣዬና በአካባቢዋ በደረሰው ግጭት ሰው ሞቷል፤ ቤትና ሱቅ ነዷል፤ ሕዝብ ተሰዷል። ሸዋ ሮቢትም ከጉዳቱ አልዳነችም። በኅዳር 2014 ዓ.ም. ደግሞ የሰሜኑ ጦርነት እስከ ሸዋ ሮቢት ወርዶ ነበር። በአንድ ገበያ ሲውሉ የኖሩ ሰዎች እርስ በርሳቸው ሲፈራሩ፣ በረከቦቱ ዙሪያ የሚጠየቀው ጥያቄ ይለወጣል። ዝናቡ መቼ ይመጣል፣ ልጄ መቼ ይመለሳል የሚለው ቀርቶ ጠላቴ ማን ነው ወደሚለው ይዞራል። ለዚህ ጥያቄ ሲኒው ሁልጊዜ መልስ አያጣም፤ በአተላ ውስጥ ጠላት ለፈለገ ጠላት ይታየዋል። ምርቃቱ ግን መልስ አይሰጠውም። ቅርፁ አይፈቅድለትም። የሸሸው ጎረቤት ስፍራ ባዶ ሆኖ ሳለ የሚወርደው ምርቃት ተቀባዩ የጎደለ ነው፤ «አሚን» ሲባል ማን እንዳልተሰማ በግልጽ ይታወቃል። በዚህ ዓይነት የሥነ ቃሉ ቅርፅ ራሱ የጎደለውን ሰው ይቆጥራል።

ለመድረክ ሰው ከዚህ የበለጠ ምን ይሰጠዋል? ሦስት ገቢር ተዘጋጅቶ አለ። ተቀባይ ጉባኤ አለ። በገቢሮቹ መካከል እሳትና እጣን አለ። ትንቢትና ምርቃት የሚታገሉባት፣ ሁለቱንም በአንድ አንደበት የያዘች ዋና ባለታሪክ አለች። ሲኒው በተገለበጠ ጊዜ በጎረቤቷ ላይ ጣቷን ትቀስራለች ወይስ በረካውን ትቀዳለች የሚለው ጥያቄ ተመልካችን በወንበሩ ላይ ለማቆየት ይበቃል። በይፋትና በወሎ የተጣሉትን የሚያስታርቁት አበጋሮች ሥርዓታቸውን ያለ ዱዓና ያለ ምርቃት አይጀምሩም፤ ስለዚህ ተውኔቱ መፍትሔውን ከውጭ ይዞ መግባት አያስፈልገውም። መፍትሔው ይሳካ አይሳካ ግን ደራሲው በእውነት ሊጠይቀው ይገባል። በየጊዜው በዕርቅ የሚያልቅ ተውኔት፣ በየጊዜው በሳቅ ከሚያልቀው የተሻለ እውነት የለውም።

ይህን ለሚሞክር ደራሲ ሁለት ፈተናዎች ይጠብቁታል። አንደኛው ጌጥ ነው። ቀጤማው፣ ጀበናው፣ የሐበሻ ቀሚሱ ለእንግዳ ማሳያ ሆነው በየአዳራሹ በቀረቡ ቁጥር የቡናው ንግግር እየተረሳ ዕቃው ብቻ ይቀራል፤ ረከቦት ያለ ጉባኤ የሸቀጥ መደርደሪያ ነው። ሁለተኛው ቋንቋ ነው። የይፋት ምርቃት አማርኛውን ከዐረብኛና ከኦሮምኛ ቃላት ጋር አዋሕዶ የሚናገር ነው፤ ዱበርቲን፣ ዱዓን፣ አሚንን አውጥቶ በመጽሐፍ አማርኛ የሚተካ ደራሲ ግጥሙን ይገድለዋል። ቃሉን እንዳለ ይዞ፣ ተመልካች ከአውዱ እንዲረዳው ማድረግ የተውኔት ጸሐፊው ሙያ ነው።

ሲኒ የምታነበው ሴት በመድረካችን ላይ ለረጅም ጊዜ ተስቆባታል። ከዚህ በኋላ የሚያስፈልጋት ምሕረት አይደለም፤ ጥብቅና መቆምም አይደለም። የሚያስፈልጋት ሦስተኛውን ሲኒ እስክትቀዳ ድረስ የሚጠብቃት ደራሲ ነው። እስከ አሁን መጋረጃው የሚዘጋው በቶና ላይ ነው፤ በረካው በመድረኩ ላይ ገና አልተቀዳም።